የመንገድ ሀብት አስተዳደር፤ የደጀን–ብቸና–ሞጣ መሥመር እንደ ማሳያ

ከአዲስ አበባ ተነስቶ የዓባይን በረሃ የተሻገረ አሽከርካሪ ደጀን ላይ ሲደርስ ሁለት ምርጫ ይቀርብለታል። አንደኛው መሥመር በሉማሜ፣ በደብረ ማርቆስ፣ በቡሬና በዳንግላ አድርጎ ባሕር ዳር የሚገባው ሲሆን አጠቃላይ ርዝመቱ ከአዲስ አበባ 565 ኪሎ ሜትር ያህል ነው። ሁለተኛው በስተምሥራቅ በብቸና፣ በደብረ ወርቅ፣ በጉንደወይንና በሞጣ የሚያልፈው ነው፤ ከመጀመሪያው በግምት 70 ኪሎ ሜትር ያጥራል። ብቸና ከአዲስ አበባ 265 ኪሎ ሜትር፣ ሞጣ ደግሞ 370 ኪሎ ሜትር ገደማ ርቀው ይገኛሉ። ከሞጣ እስከ ባሕር ዳር የሚቀረው 120 ኪሎ ሜትር ያህል ነው።

ይህ ምሥራቃዊ መሥመር የእነማይ፣ የእናርጅ እናውጋ፣ የጎንቻ ሲሶ እነሴና የሁለት እጁ እነሴ ወረዳዎችን አቋርጦ የሚሄድ እንደመሆኑ፣ የአካባቢው ጤፍና ስንዴ ወደ ገበያ የሚወጣበት፣ ማዳበሪያና ምርጥ ዘር ደግሞ ወደ አርሶ አደሩ የሚደርስበት በር ነው። ከጉንደወይን ወደ መርጡለ ማርያም፣ ከዓባይ ማዶም ወደ ደቡብ ወሎዋ መካነ ሰላም የሚወስደው መንገድ የሚነሳው ከዚሁ ነው። ስለሆነም መሥመሩ በአንድ ቦታ ሲቆረጥ ጉዳቱ በአንድ ወረዳ አይወሰንም።

መንገዱ ለረጅም ዓመታት በጠጠር ደረጃ ቆይቶ በመንገድ ዘርፍ ልማት ፕሮግራም ዘመን ወደ አስፋልት ከፍ ማለቱ ይታወቃል። የደረጃው ማደግ የተጓዡን ድካም ቀንሷል፤ የተቆጣጣሪውን አካል ሥራ ግን በሌላ መልኩ አክብዶታል። የጠጠር መንገድ ጉዳቱን አይደብቅም፤ ጠጠሩ በየዓመቱ በጎማና በዝናብ ይታጠባል፣ ተሽከርካሪው ይንገጫገጫል፣ ሕዝቡም አቤት ይላል። አስፋልት ግን ለበርካታ ዓመታት ከላይ ጤነኛ መስሎ ከሥሩ ሊዳከም ይችላል። ጉዳቱ ለዓይን በሚጋለጥበት ጊዜ በአነስተኛ ወጪ የማዳኑ ዕድል አብዛኛውን ጊዜ አልፏል። የመንገድ ሀብት አስተዳደር የተባለው የሙያ ዘርፍ የተወለደውም ከዚህ ችግር ነው።

ጽንሰ ሐሳቡና መሠረቱ

ስትራቴጂያዊ የመንገድ ሀብት አስተዳደር ሲባል መንገድን፣ ድልድይን፣ የውኃ መውረጃ ቱቦን፣ የድጋፍ ግንብን፣ የትራፊክ ምልክትንና የመሳሰሉትን እንደ አንድ የሕዝብ ንብረት ቆጥሮ፣ ያለውን በጀት ለረጅም ዘመን ከፍተኛውን ጥቅም በሚያስገኝበት ቦታና ጊዜ ለማዋል የሚያስችል አሠራር ማለት ነው። ጥገና ከዚህ አሠራር አንዱ ክፍል እንጂ መላው አይደለም። አሠራሩ የሚጀምረው ከቆጠራ ነው፤ ምን ያህል መንገድ እንዳለ፣ በየትኛው ዓመት እንደተሠራ፣ የንጣፉ ውፍረትና የመሠረቱ ዓይነት ምን እንደሆነ፣ ስንት ቱቦና ስንት ድልድይ እንዳለው ተመዝግቦ መያዝ አለበት። ቀጥሎ የሁኔታ ጥናት ይመጣል። ከዚያም መንገዱ ምንም ካልተደረገለት በስንት ዓመት ወደምን ደረጃ እንደሚወርድ ይተነበያል፤ የተለያዩ የጥገና አማራጮች ዋጋና ጥቅም ይነጻጸራል፤ በመጨረሻም ለተወሰነ ዓመት የሚያገለግል የሥራ ቅደም ተከተል ይወጣል።

የመንገድ ሁኔታ ከሚለካባቸው መንገዶች አንዱ የገጽታ ሸካራነት መለኪያ ነው። ይህ ዓለም አቀፍ መለኪያ በዓለም ባንክ ድጋፍ እ.ኤ.አ. በ1982 በብራዚል ከተካሄደው የመስክ ሙከራ የተገኘ ሲሆን፣ አንድ ተሽከርካሪ በየኪሎ ሜትሩ የሚያደርገውን የመንገጫገጭ መጠን በሜትር ይገልጻል። አዲስ አስፋልት ከ2 ያልራቀ ቁጥር ያስመዘግባል፤ ቁጥሩ እያደገ ሲሄድ የነዳጅ፣ የጎማና የመለዋወጫ ወጪ አብሮ ያድጋል። በዚህም የተነሳ የመጥፎ መንገድ ዋጋ የሚከፈለው በመንገድ መሥሪያ ቤቱ መዝገብ ላይ ብቻ አይደለም። ከፍ ያለውን ድርሻ የሚከፍለው ባለ መኪናው፣ ከእርሱም አልፎ ኩንታሉን የሚያስጭነው ገበሬና ታሪፍ የሚጨመርበት ተሳፋሪ ነው።

ለትንበያና ለንጽጽር በስፋት ከሚሠራባቸው መሣሪያዎች መካከል ኤችዲኤም–4 የተባለው የኮምፒዩተር ፕሮግራም ይጠቀሳል። የፕሮግራሙ መነሻ በ1970ዎቹ እ.ኤ.አ. በኬንያና በብራዚል መንገዶች ላይ የተደረጉ ጥናቶች በመሆናቸው ለአፍሪካ ሁኔታ እንግዳ አይደለም። ኢትዮጵያም የመንገድ ንጣፍና የድልድይ አስተዳደር ሥርዓቶችን ዘርግታ ስትሠራ ቆይታለች። ይሁን እንጂ ፕሮግራሙ የሚያወጣው ውጤት ከሚመገበው መረጃ የተሻለ ሊሆን አይችልም። የመስክ ባለሙያው በእግሩ ወርዶ ያላየው ቱቦ በኮምፒዩተሩ ውስጥም አይገኝም።

በሌላው ዓለም አሠራሩ ከመልካም ልማድነት ወደ ሕግና ስታንዳርድ ተሸጋግሯል። የአሜሪካ ምክር ቤት እ.ኤ.አ. በ2012 ባወጣው የትራንስፖርት ሕግ እያንዳንዱ ክፍለ ግዛት በዋና ዋና አውራ ጎዳናዎቹና ድልድዮቹ ላይ አደጋን ያገናዘበ የሀብት አስተዳደር ዕቅድ እንዲያዘጋጅ አስገድዷል። ዓለም አቀፉ የደረጃዎች ድርጅትም እ.ኤ.አ. በ2014 አይኤስኦ 55000 የተባለውን የሀብት አስተዳደር ስታንዳርድ አውጥቷል።

ከታሪክ የተገኘ ትምህርት

ኢትዮጵያ ጥገናን ችላ ማለት ምን እንደሚያስከትል የተማረችው ቀደም ብላ ነው። የጣሊያን ወራሪ ኃይል በአገሪቱ ለጦር ዓላማው በርካታ መንገዶችን ሠርቶ ነበር። ከነጻነት በኋላ ግን መንገዶቹን የሚንከባከብ ተቋም፣ ባለሙያና ገንዘብ ባለመኖሩ በአሥር ዓመት ባልሞላ ጊዜ ውስጥ አብዛኞቹ ተበላሽተዋል። በዚህ ምክንያት በ1943 ዓ.ም የንጉሠ ነገሥቱ መንግሥት የአውራ ጎዳና ባለሥልጣን ተቋቋመ። ለሥራው መነሻ የሆነው ከዓለም ባንክ የተገኘ ብድር ሲሆን ባንኩ ለአፍሪካ ከሰጣቸው ብድሮች የመጀመሪያው እንደሆነ ይታወሳል። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት የአሜሪካ የሕዝብ መንገዶች ቢሮ ባለሙያዎች ተቋሙን በማደራጀት ረድተዋል። ባለሥልጣኑ ሲመሠረት የነበረው መንገድ 6 ሺህ 400 ኪሎ ሜትር ያህል ነበር። የመጀመሪያ ተግባሩም አዲስ ከመሥራት ይልቅ የተበላሸውን ወደ ነበረበት መመለስ ሆነ።

ከአርባ ዓመታት በኋላም ተመሳሳይ ሁኔታ አጋጥሟል። በ1989 ዓ.ም የመንገድ ዘርፍ ልማት ፕሮግራም ሲጀመር የአገሪቱ የመንገድ አውታር 26 ሺህ 550 ኪሎ ሜትር የነበረ ሲሆን፣ ከዚህ ውስጥ በጥሩ ሁኔታ ላይ ይገኝ የነበረው 22 በመቶው ብቻ ነበር። አስፋልቱ 3 ሺህ 708 ኪሎ ሜትር ነበር። በ2002 ዓ.ም አውታሩ ወደ 48 ሺህ 793 ኪሎ ሜትር፣ አስፋልቱም ወደ 7 ሺህ 476 ኪሎ ሜትር አድጓል። ከ2003 ዓ.ም ጀምሮ ደግሞ ሁሉን አቀፍ የገጠር መንገድ ተደራሽነት ፕሮግራም ቀበሌዎችን ክረምት ከበጋ ከሚያገለግል መንገድ ጋር ማገናኘትን ዓላማው አድርጎ በመካሄዱ የአገሪቱ መንገድ ርዝመት ከአምስት ዓመት በኋላ ከ100 ሺህ ኪሎ ሜትር በላይ ደርሷል።

በእነዚህ ቁጥሮች ላይ ሲወራ ብዙ ጊዜ የሚነሳው ዕድገቱ ነው። ሆኖም እያንዳንዱ የተጨመረ ኪሎ ሜትር ለሚቀጥሉት ሃያና ሠላሳ ዓመታት የሚከፈል ዕዳንም ይዞ እንደሚመጣ መታወቅ አለበት። የዓለም ባንክ እ.ኤ.አ. በ1994 ባወጣው የዓለም ልማት ሪፖርት፣ በአፍሪካ ባለፉት አሥር ዓመታት 12 ቢሊዮን ዶላር በወቅቱ ለጥገና ውሎ ቢሆን ኖሮ 45 ቢሊዮን ዶላር የመልሶ ግንባታ ወጪ ይድን እንደነበር አመልክቷል። የደቡብ አፍሪካ ብሔራዊ መንገዶች ኤጀንሲ ስሌት ደግሞ ጥገናው በሦስት ዓመት የዘገየ መንገድ ስድስት እጥፍ፣ በአምስት ዓመት የዘገየው ደግሞ 18 እጥፍ ወጪ እንደሚጠይቅ ያሳያል። ቁጥሮቹ እንደየአገሩ ይለያዩ ይሆናል፤ አቅጣጫቸው ግን አንድ ነው።

ዋልካና ውኃ

በብቸና አካባቢ የመንገድ ሀብት አስተዳደር ጉዳይ ከሁሉ አስቀድሞ የአፈር ጉዳይ ነው። ከደጀን እስከ ብቸናና ከዚያም ባሻገር የሚዘረጋው ደጋ በአመዛኙ ጥቁር ዋልካ አፈር ነው። ለጤፍ የተመቸ መሬት ነው፤ ለመንገድ ግን አስቸጋሪ ነው። ዋልካ በክረምት ውኃ ሲጠጣ ያብጣል፣ በበጋ ሲደርቅ ይሸማቀቃል። በበጋ ወራት በማሳ ላይ እጅ የሚያስገባ ስንጥቅ እንደሚፈጠር የአካባቢው ነዋሪ ያውቃል። ያው ስንጥቅ በመንገዱ ሥር ሲፈጠር አስፋልቱ አብሮት ይከፈላል።

ጉዳቱ በአብዛኛው የሚጀምረው ከመንገዱ ጠርዝ ነው። የመንገዱ መሐል በአስፋልት የተሸፈነ በመሆኑ ከሥሩ ያለው እርጥበት ብዙም አይለዋወጥም፤ ትከሻው ግን ለዝናብና ለፀሐይ የተጋለጠ ነው። ስለዚህ ጠርዙ በየዓመቱ ሲነሳና ሲወርድ ከመንገዱ ጋር ትይዩ የሆነ ረጅም ስንጥቅ ይወጣል። በመጀመሪያው በጋ ስንጥቁ የጣት ስፋት እንኳን ላይኖረው ይችላል። በዚህ ደረጃ ሬንጅ አፍስሶ መድፈን በጥቂት ሠራተኞች በአንድ ቀን የሚጠናቀቅ ሥራ ነው። ሳይደፈን ከታለፈ የሚቀጥለው ክረምት ውኃ በስንጥቁ ወደ መሠረቱ ይገባል፣ ከባድ መኪና ሲያልፍበት የራሰው መሠረት ይሰምጣል፣ ጉድጓድ ይፈጠራል። በሦስተኛው ወይም በአራተኛው ዓመት ጉዳዩ ከስንጥቅ መድፈን ወጥቶ መሠረቱን ቆፍሮ ወደመቀየር ይሸጋገራል።

በግንባታ ወቅት የሚወሰደው መፍትሔ ዋልካውን በተወሰነ ጥልቀት ቆርጦ በማውጣት በምርጥ አፈር መተካት፣ የመንገዱን አካል ከፍ ማድረግና የጎን ቦዩን ከመንገዱ ማራቅ ነው። ከግንባታ በኋላ የሚቀረው ዋናው ሥራ ውኃን ማራቅ ነው። በቦይ ውስጥ የተኛ ውኃ በዋልካ ላይ ለተሠራ መንገድ ከዝናቡ ይልቅ የከፋ ጠላት ነው። ብዙ ጊዜ የማይወሳ ሌላም ነገር አለ፤ እሱም ባሕር ዛፍ ነው። በጎጃም የባሕር ዛፍ ተክል ለገበሬው አስተማማኝ ገቢ ሆኗል፤ ሆኖም ከመንገዱ ጠርዝ ሥር ሲተከል ሥሩ ከአፈሩ እርጥበቱን ስለሚመጥጥ በዋልካ ላይ መሸማቀቁን ያባብሳል። የመንገድ ክልል ወሰን ማስከበር ለብዙዎች የቢሮክራሲ ጉዳይ ቢመስልም ምክንያቱ እዚህ ላይ ይገኛል።

ሁለተኛው የውኃ ጉዳይ ከጮቄ ተራራ ይመጣል። ከባሕር ወለል በላይ ከ4 ሺህ ሜትር በላይ ከፍታ ያለው ጮቄ በስተምዕራብ ሲሆን ዓባይ በስተምሥራቅ ነው። ሙጋ፣ ሱሃና ሌሎችም ወንዞች ከጮቄ ተነስተው ወደ ዓባይ ሲወርዱ የግድ የደጀን–ሞጣን መሥመር ያቋርጣሉ። መንገዱ ከደቡብ ወደ ሰሜን፣ ውኃው ከምዕራብ ወደ ምሥራቅ ስለሚሄዱ መሥመሩ የድልድይና የቱቦ መንገድ ሆኗል ማለት ይቻላል። ከተራራው ላይ የሚታረሰው ተዳፋት በጨመረ ቁጥር ጎርፉ ፈጥኖ ይወርዳል፣ ደለልና ድንጋይም ይዞ ይመጣል። ሲሠራ ለነበረው የጎርፍ መጠን የተለካ ቱቦ ከዓመታት በኋላ ሳይበቃ ይቀራል። ስለዚህ በመሥመሩ ላይ ያለ ቱቦ ሁሉ ከክረምት በፊትና ከክረምት በኋላ መታየት ይኖርበታል። ግማሹ በደለል የተሞላ ቱቦ በመዝገብ ላይ አንድ ቱቦ ተብሎ ቢቆጠርም በተግባር ግማሽ ቱቦ ነው።

የሰባራ ድልድይ ታሪክ

የድልድይ መጥፋት ምን ማለት እንደሆነ ለማሳየት ከሞጣ አካባቢ ራቅ ብሎ መሄድ አያስፈልግም። በጎጃምና በቤጌምድር መካከል ዓባይን የሚሻገረውና በተለምዶ ሰባራ ድልድይ እየተባለ የሚጠራው የድንጋይ ድልድይ በ17ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በአፄ ፋሲል ዘመን እንደተሠራ ይነገራል። በጣሊያን ወረራ ዘመን የመሐል ቅስቱ ፈረሰ፤ ስሙንም ያገኘው ከዚህ በኋላ ነው። ለበርካታ አሥርት ዓመታት የሁለቱ ወገን ሰዎች በፈረሰው ቦታ ላይ ገመድ ወርውረው፣ ተሻጋሪውን በወገቡ አስረው፣ ከወዲህና ከወዲያ ሆነው እየጎተቱ ሲያሻግሩ ኖረዋል። ገበያተኛውም፣ በሽተኛውም፣ ለቅሶ ደራሹም የሚያልፈው በዚያ ገመድ ነበር።

እ.ኤ.አ. በ2000 መጨረሻ ናሽናል ጂኦግራፊክ መጽሔት ይህንኑ የሚያሳይ ፎቶግራፍ አወጣ። ፎቶግራፉን የተመለከተው አሜሪካዊው ኬን ፍራንዝ ብሪጅስ ቱ ፕሮስፔሪቲ የተባለውን የእግረኛ ድልድይ ግብረ ሰናይ ድርጅት ለመመሥረት ተነሳሳ፤ እ.ኤ.አ. በ2001ም የተሰበረው ክፍል በብረት ተገጥሞ ድልድዩ እንደገና ተከፈተ። ከአራት ዓመት በኋላ ግን እ.ኤ.አ. በ2005 የወረደው ከፍተኛ ጎርፍ ጥገናውን ጠራርጎ ወሰደው። እ.ኤ.አ. በ2009 በምትኩ በገመድ የተንጠለጠለ አዲስ የእግረኛ ድልድይ ተሠርቷል።

ከታሪኩ የሚገኘው ትምህርት ሁለት ገጽታ አለው። አንደኛው ቴክኒካዊ ነው፤ የተሰበረን መጠገን ሁልጊዜ ከመተካት የተሻለ ምርጫ አይደለም፣ ወንዙ የሚደርስበት ከፍታ ያልተገናዘበበት ጥገና ዕድሜው አጭር ነው። ሁለተኛው አስተዳደራዊ ነው። የእግረኛ ድልድይ መኪና የማያልፍበት በመሆኑ በመንገድ ሀብት መዝገብ ውስጥ ቦታ ሲያገኝ ብዙም አይታይም። ያልተመዘገበ ሀብት ደግሞ በጀት የለውም፣ የሚመረምረውም የለም። ከዓባይ ዳር ላለው ነዋሪ ግን ከአስፋልቱ እኩል፣ ምናልባትም በላይ፣ ሕይወቱ የተመሠረተበት ነው።

በአውራ ጎዳናው በኩል ከሁሉ የላቀው የተጋላጭነት ሥፍራ የዓባይ በረሃ ነው። ከጎሐ ጽዮን እስከ ደጀን ያለው 40 ኪሎ ሜትር ያህል መንገድ ከፍ ካለው ደጋ ወደ ወንዙ ወርዶ እንደገና ይወጣል። በጃፓን መንግሥት ዕርዳታ የተሠራውና 303 ሜትር ርዝመት ያለው የሕዳሴ ድልድይ በ2000 ዓ.ም ማብቂያ ላይ ለአገልግሎት ክፍት በመሆኑ የቀድሞውን ድልድይ ሸክም አቃሏል። የመሬት መንሸራተቱ ግን በድልድይ የሚፈታ አይደለም። የጃፓን ዓለም አቀፍ ትብብር ኤጀንሲ ከኢትዮጵያ መንገዶች ባለሥልጣን ጋር በመሆን ለበረሃው የመሬት መንሸራተት መከላከያ ላይ ጥናት ማካሄዱ ይታወቃል። በሀብት አስተዳደር ቋንቋ ይህ ቦታ የአውታሩ አንገት ይባላል፤ እዚህ ላይ መንገዱ ቢዘጋ የደብረ ማርቆሱም የሞጣውም መሥመር በአንድነት ከአዲስ አበባ ይቆረጣሉ። ከደጀን በላይ ግን ሁለቱ መሥመሮች አንዱ ለሌላው መተኪያ ናቸው። አንዱ ሲበላሽ የአንዱ ጭነት ወደ ሌላው እንደሚዞር አስቀድሞ ካልታሰበበት የተረፈውም ባልታቀደ ጭነት ዕድሜው ያጥራል።

የጭነት መጠን

እ.ኤ.አ. ከ1958 እስከ 1960 በአሜሪካ ኢሊኖይ ክፍለ ግዛት የተካሄደው ታዋቂ የመንገድ ሙከራ አንድ መሠረታዊ ግኝት አስገኝቷል። የአክስል ጭነት ሲጨምር በመንገዱ ላይ የሚደርሰው ጉዳት የሚያድገው በጭነቱ መጠን ልክ አይደለም፤ በአራተኛ ኃይል ገደማ ነው። ይህም ማለት 10 ቶን መሸከም የሚገባው አክስል 13 ቶን ቢጫንበት ጭነቱ የጨመረው በ30 በመቶ ሲሆን ጉዳቱ ግን ወደ ሦስት እጥፍ ይጠጋል። የቤት መኪና በመንገዱ ላይ የሚያደርሰው ጉዳት ከዚህ አንጻር ከቁጥር የሚገባ አይደለም። የሚዛን ጣቢያ ዓላማም አሽከርካሪን ማንገላታት ሳይሆን ይህንኑ ስሌት ማስከበር ነው። ነገር ግን ሚዛን በአንድ መሥመር ላይ ብቻ ሲኖር ከመጠን በላይ የጫነው መኪና ወደ ሌላው ዞሮ እንደሚሄድ በየትኛውም አገር የታወቀ ነው። አጭርና አማራጭ ለሆነ እንደ ሞጣ ላለ መሥመር ይህ በተለይ ሊታሰብበት ይገባል።

ባለቤቱ ማነው?

የፌደራል መንገዶችን የሚያስተዳድረው ተቋም በ1989 ዓ.ም በአዋጅ ቁጥር 80 የኢትዮጵያ መንገዶች ባለሥልጣን ሆኖ በአዲስ መልክ የተቋቋመ ሲሆን ከ2014 ዓ.ም ጀምሮ የኢትዮጵያ መንገዶች አስተዳደር ተብሎ ይጠራል። ለምሥራቅ ጎጃም ቅርብ የሆነው የጥገና ማዕከል ደብረ ማርቆስ ነው። የክልል መንገዶች በክልሉ የመንገድ ተቋም፣ የቀበሌ መንገዶች በወረዳዎች፣ የከተማ ውስጥ መንገዶች ደግሞ በከተማ አስተዳደሮች ሥር ናቸው። ክፍፍሉ በወረቀት ላይ ግልጽ ይመስላል። በብቸና ወይም በሞጣ ከተማ መሐል ግን አውራ ጎዳናው የከተማው ዋና ጎዳናም ነው። አስፋልቱ የአንዱ፣ የጎን ቦዩ የሌላው፣ ቦዩ ላይ የተጣለው ቆሻሻ የማንም የማይሆንበት አጋጣሚ ይፈጠራል። ቦዩ ሲደፈን ውኃው ወደ አስፋልቱ ይወጣል፤ ተጎጂውም የቦዩ ባለቤት ሳይሆን የአስፋልቱ ባለቤት ነው። በአገሪቱ ብዙ ከተሞች የሚታየው የመንገድ ጉዳት ከከተማ መግቢያና መውጫ ላይ ጎልቶ የሚታይበት አንዱ ምክንያት ይህ ነው። ችግሩ ከሬንጅና ከጠጠር ይልቅ በአንዲት የስምምነት ሰነድ ሊቃለል የሚችል ነው።

ገንዘቡን በተመለከተ የመንገድ ፈንድ በ1989 ዓ.ም በአዋጅ ቁጥር 66 ተቋቁሟል። ፈንዱ ከመንግሥት መደበኛ በጀት በተጨማሪ ከነዳጅ ሽያጭ የሚሰበሰብ ክፍያን፣ በአክስል ጭነት ላይ የተመሠረተ ዓመታዊ የተሽከርካሪ ፈቃድ ማደሻንና ከመጠን በላይ ጭነት ቅጣትን ምንጩ ያደረገ ሲሆን፣ ገንዘቡን ለፌደራልና ለክልል የመንገድ ተቋማት እንዲሁም ለተመረጡ ከተሞች ለጥገናና ለመንገድ ደኅንነት ሥራ ያከፋፍላል። መነሻ ሐሳቡ በመንገድ የሚጠቀመው በተጠቀመበት ልክ ይክፈል የሚል ነበር፤ በጊዜው በብዙ የአፍሪካ አገሮች ተመሳሳይ ፈንዶች ተቋቁመዋል። ሐሳቡ ጤናማ ቢሆንም በሊትር በቁርጥ ሳንቲም የሚሰላ ክፍያ የሬንጅና የማሽነሪ ዋጋ በናረ ቁጥር የመግዛት አቅሙ ይሸረሸራል። በ2016 ዓ.ም መንግሥት በነዳጅ የሚሠሩ የቤት መኪኖች ወደ አገር እንዳይገቡ መከልከሉም ከዚሁ ጋር ተያይዞ ሊታይ ይገባል። የኤሌክትሪክ መኪና በመንገዱ ይጠቀማል፤ ከነዳጅ ሽያጭ የሚገኘውን የመንገድ ክፍያ ግን አይከፍልም። የአዲስ አበባ–አዳማ የፍጥነት መንገድ ጥገናውን ከራሱ የክፍያ ገቢ መሸፈን የሚችል ቢሆንም ይህ መንገድ የሚያስኬደው የተሽከርካሪ ብዛት በብቸናም ሆነ በሞጣ የለም።

ሌላው የተሞከረ አማራጭ የውል ዓይነትን መለወጥ ነው። ከዓባይ ማዶ ምዕራብ ጎጃምን ከወለጋ በሚያገናኘው የነቀምት–ቡሬ መንገድ ላይ ዲዛይኑን፣ ግንባታውንና ከግንባታ በኋላ ለዓመታት የሚቆየውን ጥገና በአንድ ተቋራጭ ኃላፊነት ሥር ያደረገ ውል በዓለም ባንክ ድጋፍ ሥራ ላይ ውሏል። ተቋራጩ ራሱ የሚጠግነውን መንገድ በደካማ መሠረት ላይ ለመሥራት ምክንያት አይኖረውም፤ የአሠራሩ ጥቅም ይኸው ነው። ጉዳቱ ደግሞ ተቆጣጣሪው አካል ክፍያ የሚፈጽመው በሥራ መጠን ሳይሆን በአገልግሎት ደረጃ በመሆኑ ጠንካራ የመለካት አቅም መጠየቁ ነው።

በ2015 ዓ.ም መጨረሻ በአማራ ክልል የተቀሰቀሰው ግጭት የክልሉን የመንገድ ሥራዎች ማስተጓጎሉ ይታወቃል። ከሀብት አስተዳደር አኳያ ጉዳቱ በቆሙ ማሽኖች ብቻ አይለካም። ባለሙያ ሊደርስበት ያልቻለ መሥመር የሁኔታ መረጃው ያረጃል፤ ባረጀ መረጃ የወጣ ቅደም ተከተል ደግሞ የትናንቱን ጉዳት እንጂ የዛሬውን አያይም። በመሥመሩ ላይ የተሟላ ሥራ በሚጀመርበት ጊዜ ከሁሉ መቅደም የሚኖርበት ቱቦና ድልድዮችን አንድ በአንድ የሚያይ አዲስ ቆጠራ ነው።

ከቆጠራው ቀጥሎ የሚመጣው የሥራ ዘመን መቁጠሪያ ነው። የመንግሥት በጀት ዓመት ሐምሌ 1 ቀን ይጀምራል፤ በምሥራቅ ጎጃም ሐምሌ ዝናቡ የሚበረታበት፣ አስፋልት የማይነጠፍበት ወር ነው። ጨረታና የውል ሥራው በክረምቱና በመስከረም ቢጠናቀቅ ከጥቅምት እስከ ግንቦት ያለው ደረቅ ወቅት ለወቅታዊ ጥገና ይውላል። ጨረታው በሁለት ወር ሲዘገይ ግን የሚታጣው ሁለት የሥራ ወር ብቻ አይደለም፤ መንገዱ አንድ ተጨማሪ ክረምት በስንጥቁ ያሳልፋል። ከዝናብ በፊት መከናወን ያለበት የቦይና የቱቦ ጠረጋ ደግሞ የሚውለው በግንቦትና በሰኔ፣ የበጀት ዓመቱ ሊዘጋ ጥቂት ሳምንታት ሲቀሩትና ገንዘቡ ተሟጦ ሊሆን በሚችልበት ጊዜ ነው። የጠረጋው ገንዘብ በዓመቱ መጀመሪያ ተለይቶ እንዲቀመጥ፣ ሥራውም በየአካባቢው ለተደራጁ የወጣት ማኅበራት በኪሎ ሜትር ተከፋፍሎ እንዲሰጥ ማድረግ ማሽንም ሆነ የውጭ ምንዛሪ አይጠይቅም፤ አካፋ፣ ዶማና በወቅቱ የሚከፈል የቀን አበል ይበቃዋል።